እቴጌ እሌኒ፣ የገራድ መሐመድ ልጅ

በዚህ ዕትም የምጽፍላችሁ በመርጡለ ማርያም ሁሉም ሰው ስማቸውን ስለሚያውቃቸው አንዲት ሴት ነው። በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ግቢ የቆመውን፣ አበባና ሐረግ የተቀረጸበትን ጥንታዊ የድንጋይ ፍርስራሽ ያየ ሕፃን ሁሉ ማን አሠራው ቢሉት እቴጌ እሌኒ ብሎ ይመልሳል። የማን ልጅ ናቸው ብትሉት ግን ብዙ ጊዜ ዝም ይላል። በእኛ ወግ ደግሞ ሰው የሚታወቀው ከነአባቱ ስም ነው። እኔም በሒሳብ ሹምነቴ የአባት ስም የሌለበት የቁጠባ ደብተር አላስገባም። እቴጌ እሌኒ በእኛ መዝገብ ላይ ቢሰፍሩ ኖሮ የምጽፈው እሌኒ መሐመድ ብዬ ነበር። ስለዚህ ታሪካቸውን ከአባታቸው ስም እጀምራለሁ። ዓመታቱን የማስቀምጠው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ስለሆነ ሰባት ወይም ስምንት ብትቀንሱ የእኛን ታገኛላችሁ።

መሐመድ የዐረብኛ ስም ነው። ዐረብኛ እንደ ግእዝና እንደ አማርኛ ሴማዊ ቋንቋ በመሆኑ ብዙ ቃላት የሚበቅሉት ከሦስት ፊደላት ሥር ነው። እኛ ከነ-ገ-ረ ነገር፣ ነጋሪ፣ ንግግር እንደምናወጣው ሁሉ ዐረቦችም ከሐ-መ-ደ ብዙ ስሞች ያወጣሉ። ሐ-መ-ደ ማለት አመሰገነ ማለት ነው። መሐመድ እጅግ የተመሰገነ፣ አሕመድ ከሌላው ይበልጥ የሚመሰገን፣ ማሕሙድ የተመሰገነ፣ ሐሚድ ምስጋና የሚገባው ማለት ሲሆን ለሴት ሲሆን ሐሚዳ ይባላል። ሙስሊም ጎረቤቶቻችን ስለ ጤናቸው ሲጠየቁ አልሐምዱሊላህ የሚሉትም ከዚሁ ሥር ነው፤ እኛ እግዚአብሔር ይመስገን እንደምንለው ማለት ነው። ሙስሊሞች ለወንድ ልጃቸው ይህን ስም በብዛት የሚያወጡት የነቢያቸው ስም ስለሆነ ነው።

ሌሎቹንም ስሞች ብታዩ ከእኛ ስሞች ጋር ዘመዳሞች ናቸው። አብዱላሂ የእግዚአብሔር አገልጋይ ማለት ስለሆነ የእኛ ገብረ እግዚአብሔር ነው። ኢብራሂም አብርሃም፣ ዩሱፍ ዮሴፍ፣ ሱለይማን ሰሎሞን ነው። መርየም ደግሞ ማርያም ናት። ከተማችን የምትጠራባት እመቤት በቁርኣን ውስጥ በስሟ የተጠራች ብቸኛዋ ሴት ስትሆን አንድ ምዕራፍም በስሟ ተሰይሟል።

የስም አወጣጡም ሥርዓት አለው። በሙስሊሞች ወግ ልጅ በተወለደ በሰባተኛው ቀን በግ ወይም ፍየል ታርዶ ስም ይወጣለታል። እኛ ወንዱን በአርባ፣ ሴቷን በሰማንያ ቀን ክርስትና እናስነሣለን። ልጅ በአባቱ ስም ይጠራል፤ ሴትም ስታገባ የአባቷን ስም ትታ በባሏ ስም አትጠራም። በዚህ ሁለቱም ወጎች አንድ ናቸው። ልብ በሉ፣ ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። በብዙ የዓለም አገሮች ሴት ባገባች ቀን ስሟ ይቀየራል።

አሁን ወደ እቴጌይቱ እንመለስ። ሐድያ በዚያ ዘመን በደቡብ የሚገኝ የሙስሊሞች አገር ነበር። ገዢው ገራድ ይባላል። ከዓፄ ዓምደ ጽዮን ዘመን (1314–1344) ጀምሮ ሐድያ ለክርስቲያን ነገሥታት ይገብር ነበር፤ አንዳንድ ጊዜ በሰላም፣ አንዳንድ ጊዜ በዐመፅ። በአሥራ አምስተኛው መቶ ዘመን የሐድያ ገራድ የነበሩት መሐመድ ልጃቸውን ለዓፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዳሩ። ዘርዐ ያዕቆብ ከ1434 እስከ 1468 የነገሡ፣ ብዙ መጻሕፍት ያስጻፉ፣ ብርቱና ቁጡ ንጉሥ ነበሩ። ጋብቻው የሁለት አገር ስምምነት ነበር። ሁለት መንግሥታት ሲታረቁ ለመያዣነት የምትሄደው ልጅቷ ናት። ይህ በእኛም አገር፣ በአውሮፓም፣ በዐረብም ያለ ነገር ነው።

ልጅቷ ክርስትና ተነሥታ እሌኒ ተባለች። ዜና መዋዕሉ የአባቷንና የወንድሟን ስም ጽፎልናል፤ እናቷ የጠራቻትን ስም ግን አልጻፈም። እሌኒ ከግሪክ የመጣ ስም ነው። የታላቁ ቆስጠንጢኖስ እናት፣ ቅዱስ መስቀሉን ያስፈለገችው፣ በየዓመቱ ደመራ ስንደምር የምናነሣት ንግሥት ስም ነው። ዓፄ ዘርዐ ያዕቆብ የንግሥና ስማቸው ቆስጠንጢኖስ ስለነበር ከአጠገባቸው እሌኒ የምትባል መኖሯ ለቤተ መንግሥቱ ትልቅ ትርጉም ነበረው።

በቤተ መንግሥቱ ሥርዓት የቀኝና የግራ ንግሥት ነበረች። እሌኒ ቀኝ በዓልቲሐት ተብለው ተሾሙ፤ ይኸውም የቀኝ እመቤት ማለት ነው። በዚያው ዘመን ግን ወንድማቸው ማሒቆ የሐድያ ገራድ ሆኖ ግብር አልገብርም አለ። ዐመፁ ተደምስሶ ማሒቆ ተገደለ፤ በምትኩም አጎቱ ባሞ ተሾመ። እኅቶቼ፣ ይህንን ረጋ ብለን እናስበው። ባል ንጉሥ ነው፤ ወንድም ዐመፀኛ ነው፤ ሴቲቱ በመካከል ናት። ወደ ወንድሟ ብታዘነብል ከሃዲ ትባላለች፤ ዝም ብትል ደግሞ ሥጋዋን ያልቀበረች ትሆናለች። እሌኒ ይህንን ዘመን አልፈው ስማቸው ሳይጎድፍ ወጡ።

ሁሉም እንደ እሳቸው አልተረፉም። ዘርዐ ያዕቆብ በአምልኮ ጣዖትና በክህደት የጠረጠሯቸውን የገዛ ልጆቻቸውን ሳይቀር በብርቱ ይቀጡ ነበር። ከሚስቶቻቸው አንዷ ጽዮን ሞገሳ ልጃቸውን ለማንገሥ ዶልተዋል ተብለው ተገርፈው በደረሰባቸው ጉዳት ሞቱ። ልጃቸው በእደ ማርያም በ1468 በነገሡ ጊዜ እናት የሌላቸው ወጣት ነበሩ። ልጅ ያልወለዱት እሌኒ ለእሳቸው እናት ሆኑ። አዲሱ ንጉሥም እንደ እናት አከበሯቸው። የንጉሡ ዜና መዋዕል ጸሐፊ እሌኒን ሲያመሰግን ሁለት ዓይነት ሙያ ይቆጥራል። አንደኛው በእግዚአብሔር ፊት ነው፤ ጸሎታቸው፣ ሃይማኖታቸው፣ ሥጋ ወደሙ መቀበላቸው። ሁለተኛው በሰው ፊት ነው፤ የቤተ መንግሥቱን ማዕድ ማሰናዳት፣ መጻሕፍትን ማወቅ፣ ሕግ ማወቅ፣ የመንግሥትን ሥራ መረዳት። ልብ ብላችሁ እዩት፤ ጸሐፊው የወጥ ቤቱን ሙያና የሕግ ዕውቀቱን በአንድ ተርታ አስቀምጧቸዋል።

በእደ ማርያም በ1478 ሲሞቱ ልጃቸው እስክንድር ገና ሕፃን ነበሩ። መኳንንቱ ለሞግዚትነቱ ተሻሙ፤ እሌኒም አንዴ ወደ ዳር ሲገፉ፣ አንዴ ወደ መሐል ሲመለሱ ቆዩ። እስክንድር በ1494 ሞቱ። ሕፃኑ ዳግማዊ ዓምደ ጽዮን የነገሠው ለጥቂት ወራት ብቻ ነው። ቀጥሎ ናኦድ እስከ 1508 ነገሡ። ከዚያም ልብነ ድንግል ገና የዐሥራ አንድና የዐሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳሉ ዘውድ ጫኑ። ያን ጊዜ የሀገሩን ሥራ የያዙት እቴጌ እሌኒ፣ የንጉሡ እናት ናኦድ ሞገሳና ጳጳሱ አቡነ ማርቆስ ነበሩ። ከዘርዐ ያዕቆብ እስከ ልብነ ድንግል ስትቆጥሩ ስድስት ነገሥታት ናቸው። ስድስት ነገሥታት ሲመጡና ሲሄዱ እቴጌይቱ ነበሩ።

በዚያን ጊዜ አገሪቱ በምሥራቅ ከአዳል ጋር ትዋጋ ነበር። የዘይላው አሚር ማሕፉዝ በየዓመቱ በዐቢይ ጾም፣ ሰው በጾም በደከመበት ወራት፣ ድንበሩን እየጣሰ ይዘርፍ ነበር። እሌኒ ከሙስሊም ቤት የተወለዱ ስለሆነ ሁለቱንም ወገን ያውቁ ነበር። ከሙስሊም ጎረቤቶች ጋር ሰላም እንዲኖር፣ ንግዱም እንዳይቋረጥ ይፈልጉ እንደነበር የታሪክ ሊቃውንት ይጽፋሉ። ነገር ግን ቱርኮች በቀይ ባሕር በኩል እየበረቱ ሲመጡ፣ ሰላሙ ባይሰምር የሚረዳ ኃይል ያስፈልጋል ብለው አሰቡ። ፖርቱጋሎች ወደ ሕንድ የሚወስደውን የባሕር መንገድ ካገኙ ጥቂት ዓመታት ሆኗቸው ነበር። በ1509 ገደማ እቴጌይቱ ማቴዎስ የተባለ አርመናዊ ነጋዴ ደብዳቤና ከቅዱስ መስቀሉ ግማድ የተሠራ ስጦታ አስይዘው ወደ ፖርቱጋል ንጉሥ ወደ ማኑኤል ላኩ። በደብዳቤው የባሕሩን ጦር ፖርቱጋሎች፣ የየብሱን ኢትዮጵያ እንድትይዝና ሁለቱ ቤተ መንግሥታት በጋብቻ እንዲተሳሰሩ ሐሳብ አቀረቡ። ስሟ ከመስቀሉ ጋር የተያያዘ ንግሥት መስቀል መላኳ በአጋጣሚ አይመስለኝም።

የማቴዎስ መንገድ ረጅም ነበር። በ1512 ሕንድ ጎአ ደረሰ፤ ፖርቱጋሎቹም ሰላይ ነው ብለው ጠርጥረው አንገላቱት። በ1514 ሊዝበን ገባ። የፖርቱጋል መልእክተኞች ከእሱ ጋር ምጽዋ የደረሱት ግን በ1520 ነው፤ እሱም ብዙ ሳይቆይ ሞተ። አንድ ደብዳቤ ተልኮ መልስ እስኪመጣ ዐሥራ አንድ ዓመት ወሰደ። በዚህ መካከል ልብነ ድንግል አድገው ማሕፉዝን በጦር ሜዳ ድል ነሥተው ስለነበር የውጭ እርዳታው ብዙም አላጓጓቸውም።

ከመልእክተኞቹ ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ በኢትዮጵያ ስድስት ዓመት ቆይቶ ያየውን በመጽሐፍ ጻፈ፤ መጽሐፉም በ1540 ሊዝበን ታተመ። ስለ ጎጃምና ስለ እቴጌ እሌኒ የምናውቀው ብዙ ነገር ከእሱ የተገኘ ነው። ጎጃም የእቴጌይቱ ጉልት ነበረች። የቤተ ክርስቲያናችን መሠረት በአብርሃና በአጽብሓ ዘመን እንደተጣለ አባቶቻችን ይነግሩናል። እቴጌይቱ በዚህ ስፍራ በዘመናቸው ወደር የሌለውን የድንጋይ ቤተ መቅደስ አሠሩ። መርጡል በግእዝ አዳራሽ፣ ማደሪያ ማለት ሲሆን መርጡለ ማርያም የማርያም ማደሪያ ናት። ወደ ኢትዮጵያ መጥቶ እንዳይመለስ የተከለከለው ፖርቱጋላዊ ፔሮ ዳ ኮቪልያ ስለ መንበሩ አሠራር እንዲያማክር እቴጌይቱ አስጠርተውት እንደነበር ለአልቫሬዝ ነግሮታል። መንበሩ ከእንጨት ተሠርቶ በወርቅ የተሞላ ነበር። እቴጌይቱ በግእዝ ሁለት የሃይማኖት ድርሰት እንደደረሱም ይነገራል፤ እንዚራ ስብሐትና ጸዳለ ፀሐይ የሚባሉ።

እቴጌ እሌኒ በ1522 ገደማ አረፉ። በመርጡለ ማርያም እንደተቀበሩም ይነገራል። አልቫሬዝ የሕዝቡን ሐዘን ሲገልጽ ትልቁም ትንሹም አባትና እናቱን እንዳጣ ሰው አለቀሰ፤ በእሳቸው ዘመን ጠባቂ የነበረው ሰው ሁሉ አሁን ያለ ጠባቂ ቀረ ብሎ አዘነ ይለናል። ከሞታቸው በኋላ ንጉሡ የጎጃምን ግብር አስመጡ። አልቫሬዝ ሲያልፍ ያየውን ቆጥሮ ጽፏል፤ ሦስት ሺህ በቅሎ፣ ሦስት ሺህ ፈረስ፣ ሦስት ሺህ ወፍራም የጥጥ ልብስ፣ ከዚህም ሌላ ወርቅ። እኔ ቁጥሩን ሳይ አንድ ነገር ይገባኛል። ሦስት ሺህ በቅሎ አርብቶ፣ ሦስት ሺህ ልብስ ፈትሎና ሸምኖ የሚገብር አገር ሥራ የሚሠራበትና ሰላም ያለበት አገር መሆን አለበት። ፈትሉን የፈተሉት ደግሞ ሴቶች ናቸው።

ከሰባት ዓመት በኋላ፣ በ1529፣ ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ሽምብራ ኩሬ ላይ ልብነ ድንግልን ድል ነሡ። በ1530ዎቹ ጦርነቱ ጎጃምንም አዳረሰ፤ በዚያ መቶ ዘመን በተከታታይ በመጡት ጦርነቶችም የእቴጌይቱ ሕንፃ ፈረሰ። በዓፄ ሱስንዮስ ዘመን (1607–1632) ኢየሱሳውያን ቄሶች እንደገና ሊያቆሙት ሞክረው ነበር። ልብነ ድንግል በ1540 በስደት ደብረ ዳሞ ሞቱ። በ1541 አራት መቶ ያህል ፖርቱጋሎች በክሪስቶቫው ዳ ጋማ እየተመሩ ሲደርሱ ከደብረ ዳሞ አምባ ወርደው የተቀበሏቸው ሌላዋ ንግሥት እቴጌ ሰብለ ወንጌል ነበሩ። በ1543 ወይና ደጋ ላይ ጦርነቱ አበቃ። አሮጊቷ እቴጌ ከሠላሳ ዓመት በፊት የጻፉት ደብዳቤ ፍሬው የታየው ያን ጊዜ ነው።

አሁን ወደ ስሙ ልመልሳችሁ። ቤተ ክርስቲያኑን ያሠሩት ሴት አባታቸው መሐመድ ናቸው። አገሩን ያጠፋው ጦር መሪ አሕመድ ናቸው። ሁለቱም ስም ከአንድ ሥር፣ ከምስጋና፣ የወጣ ነው። እንግዲህ ስም የሰውን ሥራ አይወስንም ማለት ነው። በአንዱ አሕመድ ምክንያት መሐመድ የሚባለውን ሁሉ የሚጠረጥር ሰው መርጡለ ማርያምን ያሠሩትን እቴጌም አብሮ መጠርጠር ይኖርበታል።

ይህ የሩቅ ዘመን ነገር ብቻ አይደለም። የወሎው ንጉሥ ሚካኤል በ1878 ክርስትና ከመነሣታቸው በፊት ስማቸው መሐመድ ዓሊ ነበር። የሚካኤል የልጅ ልጅ እቴጌ መነን ናቸው፤ በስማቸው የተከፈተው የሴቶች ትምህርት ቤት ስንት ሴቶችን እንዳስተማረ ታውቃላችሁ።

ይህንን የምጽፈው ያለ ምክንያት አይደለም። በዚህ ዓመት ወደ ማኅበራችን ለመግባት ከጠየቁት እኅቶች አንዷ በቅጹ ላይ የአባቷን ስም ትታ የክርስትና ስሟን ብቻ እንድጽፍላት ለመነችኝ። አባቷ ከወሎ መጥተው እዚሁ አገር ሲነግዱ ኖረው የሞቱ ሰው ናቸው። ስማቸው የዐረብኛ ስም ነው። ሴትየዋ የፈራችው ስሙ ከተጻፈ ብድሩን እንዳይከለክሏት፣ እኛም በዓይናችን እንዳንገፋት ነው። ከእኛ መካከል አንዳንዶች በስም ላይ የምንቀልደውን ቀልድ ሰምታ ኖሯል።

ስለዚህ እንደ ሒሳብ ሹም ሁለት ነገር እነግራችኋለሁ። አንደኛ፣ በመዝገባችን ያለው ስም በመታወቂያ ካለው ስም ጋር ካልተመሳሰለ ጉዳቱ በሴቲቱ ላይ ነው። ባንክ ገንዘቧን ልታወጣ ስትሄድ ማን ነሽ ትባላለች። ብትሞት ልጆቿ ቁጠባው የእናታችን ነው ብለው ለማስረዳት ፍርድ ቤት ይመላለሳሉ። በክልላችን የመሬት ይዞታ ደብተር ላይ የባልና የሚስት ስም ከነፎቶግራፋቸው አብሮ እንዲሰፍር የተደረገው የሴት መብት በጽሑፍ ካልተያዘ ስለሚጠፋ ነው። ስምን ቆርጦ መጻፍ መብትን ቆርጦ መጣል ነው። ሁለተኛ፣ በማኅበራችን ደንብ ብድር የሚሰጠው በቁጠባና በመመላለስ እንጂ በአባት ስም አይደለም። ቅጹ ላይ የአባት ስም የሚጠየቀው ሰውየዋን ለመለየት ብቻ ነው።

ይህንን ለእኅታችን አስረዳኋት። ስለ እቴጌ እሌኒም ነገርኋት። የአባቷ ስም ምን ማለት እንደሆነ ስትሰማ ገረማት፤ ዕድሜዋን ሙሉ ስትደብቀው የኖረችው ስም ምስጋና ማለት መሆኑን ማንም አልነገራትም ነበር። ቅጹን ይዛ ሄዳለች፤ እስከ ወር መጨረሻ ትመልሳለች። እንዴት አድርጋ እንደምትሞላው የሚወስነው ግን የእኔ ማስረዳት ሳይሆን እናንተ በሚቀጥለው ስብሰባ የምትቀበሏት አቀባበል ነው።

ስለዚህ እኅቶቼ፣ አደራ የምላችሁ ይኸው ነው። በስብሰባው ቀን ስሟ ከነአባቷ ሲጠራ ማንም ዘወር ብሎ እንዳያይ። ቡናው ሲፈላ ቦታ ልቀቁላት። ልጆቻችሁም ከፍርስራሹ አጠገብ ሲጫወቱ ማን አሠራው ብለው ሲጠይቋችሁ ስሙን ሙሉ አድርጋችሁ ንገሯቸው፤ እቴጌ እሌኒ፣ የሐድያው ገራድ የመሐመድ ልጅ።